አንቱ የተባባሉት

ጁሬሊ ወንዙ መሃል ላይ ስትደርስ ገመዱ ረገበ፤ ተረከዟ የካሊን ውሃ ሊነካ ምንም አልቀረውም። ወንዙ ከሥሯ እንደ ተቆጣ ጎሽ ያጓራል። እሷ ግን ዓይኗን ጨፍና፣ የእንጨቱን ማንጠልጠያ በሁለት እጇ ጨብጣ፣ ከንፈሯን ታንቀሳቅስ ነበር። ጸሎት አልነበረም። ስትደርስ የምትናገረውን ነገር እየተለማመደች ነው።

በወዲያኛው ዳር ገመዱን የሚስበው ሽማግሌ ክንዷን ይዞ ድንጋዩ ላይ አወጣትና ከእግር እስከ ራሷ ቃኛት። አንገቷ ባዶ ነው፤ ቀሚሷ ጫፉ ተበልቷል፤ ቅርጫቷን በግንባሯ ማንገቻ አዝላለች።

«የማን ነሽ?» አላት።

ዕድሜዋን ሙሉ ይህን ስትጠየቅ የጌታዋን የሙክያውን፣ የመንደሩን ሹም፣ ስም ትጠራ ነበር። አሁንም ልማድ ነውና ስሙ ምላሷ ጫፍ ድረስ መጣ። ዋጠችው።

«የማንም አይደለሁም፣ አያ።»

«ኧረ! አንቺም ከነዚያ ነሽ?» ሽማግሌው ትምባሆውን ተፋ። «ያንቺ ቢጤዎች ሁሉ ወደ ደቡብ ነው የሚወርዱት። አንቺ ምን ቆርጦሽ ወደ ላይ ትወጫለሽ? ነፃነቱ መንገድ አሳተሽ እንዴ?»

«እህቴ ጋ ነው የምሄደው።»

«ባሪያ ደግሞ እህት ከየት ያመጣል? እናቱን እንኳ የሚያውቅ ስንት አለ!» ሽማግሌው በክፋት አልተናገረውም፤ እውነትም ገርሞት ነው።

«እናት አልሰጠችኝም» አለች ጁሬሊ ማንገቻዋን እያስተካከለች። «ራሴ ነኝ የመረጥኳት።»

ሽማግሌው ሳቀ። እሷ ዳገቱን ተያያዘችው።

በዚያ የባይሳክ ወር በጎርካ ምድር ባሪያ የሚባል ሰው ከእንግዲህ የለም ተብሎ ታውጇል። ከካትማንዱ የመጣው ሹም በቻርፓኒ ምሽግ ግቢ ውስጥ ቃሉን አሰምቶ ሲጨርስ እልልታ አልነበረም። ግማሹ ሰው ጌታውን ዞሮ አየ፤ ጌታው ምን እንደሚል ሳያውቅ መደሰት እንዴት ይቻላል? የጁሬሊ ሙክያ አንገቱን ደፍቶ ወጣ፤ ሚስቱ ግን ምሽት ላይ «ነፃ ከወጣሽስ፣ እራቱን ማን ይሥራው?» ብላ ጠየቀቻት። ጁሬሊ ለመጨረሻ ጊዜ እራቱን ሠርታ ወጣች።

መንግሥት ነፃ ለወጡት በደቡብ፣ ከጫካው ሥር፣ መሬትና በሬ እሰጣለሁ ብሏል። ራንቢር የሚባል፣ ዕድሜውን ሙሉ የሹማምንት ጠመንጃ ሲሸከም የኖረ ሰው ጉዞውን ይመራል። ጁሬሊ ወደ ሰሜን ደርሼ እመለሳለሁ ስትለው ራሱን ነቀነቀ።

«ጨረቃ ሙሉ ሳትሆን ካልተመለስሽ አንጠብቅሽም፣ እህቴ። ሙቀቱ ከገባ ቆላው ንዳድ ነው፤ ይፈጀናል።»

«ሁለት ሆነን እንመጣለን» አለችው።

ሁለተኛዋ ሂራማቲ ናት።

ሁለቱ በሙክያው ቤት ከልጅነታቸው ጀምሮ አንድ ከረጢት ለብሰው ያደጉ ናቸው። ዘጠኝ ዓመት ቢሆናቸው ነው፣ የሙክያው ሚስት ከማዶ መንደር አለቃ ሚስት ጋር ሚቲኒ ስትሆን በበሩ ስንጥቅ አዩ። ሴቶቹ ፊት ለፊት ተቀመጡ፤ በርጎ የራሰ ሩዝ በግንባራቸው ተለጣጠፉ፤ ካህኑ አንዳንድ ነገር አነበነበ፤ የአንገት ጨሌያቸውን ተለዋወጡ። ከዚያ በኋላ እህት ሆኑ። የአንዷ ሐዘን የሌላዋ ሐዘን፣ የአንዷ ልጅ የሌላዋ ልጅ። ልጆቹን ያስደነቃቸው ግን ሌላ ነገር ነበር፤ ቀድሞ አንቺ ይባባሉ የነበሩት ሴቶች ከዚያች ሰዓት ጀምሮ አንቱ ተባባሉ። የሚቲኒ ወጉ እንዲህ ነው፤ የመረጡትን ሰው ማክበር ነው።

በማግስቱ ጠዋት ልጆቹ ምንጭ ዳር ተቀመጡ። ርጎም ሩዝም ስላልነበራቸው በቀይ አፈር ግንባራቸውን ቀቡ። ጨሌም ስላልነበራቸው የሣር ማጭዳቸውን ተለዋወጡ። ሂራማቲ ጉሮሮዋን ጠራርጋ፣ «ሚቲኒ፣ ውሃ ይጠጡ» አለችና በመዳፏ ቀድታ ዘረጋችላት።

ጁሬሊን እስከዚያ ቀን ድረስ «ጠጪ» እንጂ «ይጠጡ» ያላት ሰው አልነበረም። ውሃውን ጠጥታ አለቀሰች። ሂራማቲ ግራ ገብቷት፣ «ምነው፣ በረዶ ሆነብሽ እንዴ?» አለች፤ ከዚያም ወጉ ትዝ ብሏት «በረዶ ሆነብዎ?» ብላ አቃናችው።

ምሥጢሩ ብዙ አልቆየም። አሮጊቷ እሜቴ፣ የሙክያው እናት፣ በከብቶች ጋጥ በኩል ስታልፍ ሰማቻቸው። አልመታቻቸውም፤ ከመታቻቸው ይሻል ነበር። እንግዳ በመጣ ቁጥር ጠርታ አዳራሽ ታቆማቸዋለች፤ «እስቲ እንደዚያ ተባባሉልን!» ትላለች። ሁለቱ ልጆች ራሳቸውን ደፍተው «ሚቲኒ፣ እንደምን አደሩ» ሲባባሉ እንግዶቹ ሆዳቸውን ይዘው ይስቃሉ። «ባሪያ ለባሪያ አንቱ! ነገ ደግሞ ጎሿ ለፍየሏ እጅ ትነሳለች!» ከዚያ ወዲያ ቃሉን በሰው ፊት ትተው በሹክሹክታ ብቻ ያዙት። ድንች ሲልጡ፣ ዳጉሳ ሲወቅጡ፣ ጆሮ ለጆሮ ገጥመው።

የሙክያው ልጅ ዳናኩማሪ ስትዳር ሂራማቲ የሙሽራዋ ስጦታ ሆና አብራት ሄደች፤ ከሁለት ጎሾችና ከአንድ ትልቅ የመዳብ ጋን ጋር። ጁሬሊ ያን ቀን የድግሱ ምድጃ ላይ ስለነበረች አልሸኘቻትም። ከበሮውና መለከቱ ጋራውን ዞሮ እስኪጠፋ ድረስ በጭሱ ውስጥ ቆማ ሰማች። ጭሱ ደግ ነበር፤ ለምን ታለቅሻለሽ ያላት ሰው አልነበረም።

ከዚያ በኋላ አሥር ዓመት አለፈ፣ ከዚያም በላይ። ወሬ የሚመጣው በጨው ነጋዴዎች አፍ ነው። አንዱ «ልጅ ወልዳለች» ብሎ አለፈ። ሌላው «ከስታለች» አለ። ሌላው «የትኛዋን ነው የምትዪው? ሁሉም ይመሳሰላሉ» አላት። ጁሬሊ እነዚያን ሦስት ወሬዎች ከዓመት ዓመት ስታኝክ ኖረች። ማታ ስትተኛ ጀርባዋን ለግድግዳ ሰጥታ፣ ፊት ለፊት ቦታ ትተዋለች፤ በልጅነታቸው እንደሚተኙት።

ሲማልቻውር መንደር የደረሰችው ከሰዓት በኋላ ነው። በመንደሩ አፋፍ፣ መንገደኛ ሸክሙን አሳርፎ የሚያርፍበት ቻውታሪ አለ፤ በድንጋይ የተካበ መደብ፣ መሃሉ ላይ ትልቅ የፒፓል ዛፍ። አንዲት ሴት የሣር ሸክሟን አውርዳ፣ ጀርባዋን ለመንደሩ ሰጥታ፣ ቁልቁል ወደ መንገዱ ታያለች። ጠቁራለች፤ ከስታለች፤ አንገቷ ላይ እንቅርት ወጥቶባታል። ጁሬሊ ልታልፋት ምንም አልቀራት።

ሴትዮዋ ተነሳች። ሁለት እጇን አጋጥማ እስከ ግንባሯ አነሳችና፣ ሰው ይስማ አይስማ ሳትል፣ ጮክ ብላ፣

«ሚቲኒ! በሰላም ደረሱ?» አለች።

ጁሬሊ በወንዙ ላይ የተለማመደችው ንግግር ሁሉ ጠፋት። እጇን ወደ ግንባሯ ማንሳት አቅቷት እዚያው መንገዱ ላይ ተቀመጠች። ሂራማቲ መጥታ ማንገቻውን ከግንባሯ አወረደችላት፤ የማንገቻውን ጠባሳ በአውራ ጣቷ አሸች።

«አረጁ» አለቻት።

«እርስዎስ? ይህ አንገትዎ ምን ሆነ?»

«ይህማ አብሮኝ እንዲኖር ያገኘሁት ጓደኛ ነው። እርስዎ ሲቀሩ ጊዜ በቀልኩብሽ አለኝ።»

ሁለቱም ሳቁ፤ ሂራማቲ እንደ ድሮዋ አፏን በእጇ ሸፍና። ከዚያ ሳቁ ተለወጠባቸውና ተቃቅፈው ተንሰቀሰቁ። በመንገዱ የሚያልፍ ሰው አይቷቸው ሰው የሞተባቸው መስሎት «ያጽናችሁ» ብሎ አለፈ።

ዳናኩማሪ ባሏ ሞቶባት ነጭ ለብሳ በረንዳ ላይ ተቀምጣ ነበር። ጁሬሊን ስታይ ፊቷ በራ።

«ጁሬሊ! አባቴ ደህና ነው? እናቴስ? አሁን እነሱ ጋ ማን ቀረ?»

«ማንም፣ እሜቴ።»

«ማንም?» ዳናኩማሪ ደነገጠች። «እናቴ እሳት ማንደድ አታውቅም እኮ!» ድምጿን ዝቅ አድርጋ፣ «እኔም አላውቅም» አለች።

ሂራማቲ ነፃ መውጣቷን ሰምታለች። ሆኖም አሁንም ከከብቶቹ ጋር ትተኛለች፣ ሣር ታጭዳለች፣ ውሃ ትቀዳለች። ማታ በጋጡ ደጃፍ ተቀምጠው የዳጉሳ ገንፎ በሳማ ወጥ ሲበሉ ጁሬሊ የራንቢርን ነገር አወራቻት፤ መሬቱን፣ በሬውን፣ የራስ ቤት የሚባለውን። ሂራማቲ ጣቷን እየላሰች ሰማች።

«ነገ በጠዋት ከወጣን እንደርስባቸዋለን» አለች ጁሬሊ።

«እኔ አልሄድም፣ ሚቲኒ።»

ጁሬሊ ጉርሻው እጇ ላይ ቀረ። «አልሰማሁዎትም።»

«ሰምተውኛል። ልጅ ነበረችኝ፤ ማይና። የዳናኩማሪ ባል፣ አባቷ የሆነው ሰውዬ ራሱ፣ አምስት ዓመት ሲሆናት ለነጋዴ ሸጣት። አሁን እሷም ነፃ ናት አይደል? ነፃ ከወጣች እናቷን ትፈልጋለች። የምታውቀው ደግሞ ያንን ዛፍ ብቻ ነው። ከሥሩ ስትጫወት ነበር የወሰዷት። እኔ ወደ ቆላ ከወረድኩ መጥታ ማንን ታገኛለች?»

«ሕፃን ነበረች እኮ! መንገዱን ከየት ታውቀዋለች?»

«ላታውቀው ትችላለች።»

«ታዲያ ሕይወትዎን ሙሉ ዛፍ ሥር ሊቀመጡ ነው? ይህን ሁሉ ዓመት፣ አንድ ቀን አብረን እናድራለን ብዬ… እርስዎ ግን…» ጁሬሊ ገንፎውን ገፋ አደረገች። «ራሴን ሳላገኝ እርስዎን ፈለግኩ እኮ!»

«አውቃለሁ።»

«አያውቁም!»

ከተዋወቁ ጀምሮ ተጣልተው አያውቁም ነበር። ያን ሌሊት ጀርባ ለጀርባ ተኙ። ቢሆንም ጎሿ ስትንቀሳቀስ ሁለቱም ነቅተው እንደነበር ሁለቱም አወቁ።

ጠዋት ጁሬሊ ጓዟን አዝላ በረንዳው ሥር ቆመች።

«እሜቴ፣ ማይናን ማን ገዛት?»

ሂራማቲ ቅጠል ከምትጠርግበት ቀና አለች፤ ፊቷ አመድ መሰለ። በአምስት ዓመት ውስጥ አንድም ቀን አልጠየቀችም፤ ያኔ ልትጠይቅ አፏን ስትከፍት የተመታችው ምት ጥያቄውን ከውስጧ አውጥቶታል። ጁሬሊ ግን የዚህ ቤት ሰው አይደለችም፤ አሁን የማንም ቤት ሰው አይደለችም።

«እኔ አልሸጥኳትም» አለች ዳናኩማሪ ቶሎ ብላ። «እሱ ነው።»

«ሲሸጣት እርስዎ የት ነበሩ?»

ዳናኩማሪ የነጭ ልብሷን ጫፍ ጠቀለለች፤ ፈታች። ደጋግማ ጠቀለለች።

«በሩ ላይ ነበርኩ» አለች በመጨረሻ። «የገዛት ካርቢር ይባላል። ዲሂኮት ነው ቤቱ፤ ከወንዙ በስተምሥራቅ። ብጠየቅ እናገር ነበር። የጠየቀኝ የለም።»

ጁሬሊ ወደ ሂራማቲ ዞረች።

«እርስዎ ዛፉን ይጠብቁ» አለቻት። «ከመጣች እንድታገኝዎ። እኔ ልፈልጋት።»

«ጉዞውስ? መሬቱስ? ጨረቃዋ እኮ ልትሞላ ነው!»

«የእርስዎ ልጅ የእኔም ልጅ ናት። ወጉ እንዲህ አይደል?»

ሂራማቲ እስከ ቻውታሪው ሸኘቻት። «ያኔ ሲለያዩን ተሰጥተን ነበር» አለች ጁሬሊ ማንገቻዋን ግንባሯ ላይ እያደረገች፤ «ዛሬ ራሳችን ነን የተለያየነው።» ይህ ያጽናናታል ብላ ነበር። አላጽናናትም። ጋራውን ዞራ ስትመለከት ያቺ ጥቁር ነጥብ ከዛፉ ሥር አልተንቀሳቀሰችም።

ካርቢር ልጅቱን አንድ ክረምት ካቆያት በኋላ ለሌላ አሳልፎ ሸጧት ነበር። ያም ሰው ለሌላ። ጁሬሊ ከመንደር መንደር የሰው ሩዝ እየተከለች፣ እስከ ጉልበቷ ጭቃ ውስጥ ቆማ እየጠየቀች ዞረች። ዝናቡ ሳያባራ፣ አልቅት ከእግሯ ሳይጠፋ ሐምሌ ነሐሴው አለፈ። የራንቢር ሰዎች ከሄዱ ቆይቷል፤ አንዳንድ ቀን የሌላ ሰው ጣራ ሥር ኩርምት ብላ፣ እነሱ አሁን የራሳቸውን ጣራ ሲያለብሱ ይታዩዋታል።

ልጅቱን ያገኘቻት ጫካ ዳር፣ የበቆሎ ማሳ መሃል፣ ማማ ላይ ቆማ ጦጣ ስታባርር ነው። አሥር ዓመት ገደማ የሆናት፣ ጉልበቷ ከጭኗ የወፈረ ከሲታ። የማሳው ባለቤት ጆሮዋ የደከመ አሮጊት ነበረች።

«ነፃ ወጥተሻል ብያታለሁ!» አለች አሮጊቷ እየጮኸች። «ወዴት እንደምትሄድ ጠፋት። ታዲያ እስክታውቅ በቆሎዬን ትጠብቅ አልኩ፤ ምን ላድርጋት?»

ጁሬሊ ከማማው ሥር ቆመች። «አንቺ ነሽ ማይና?»

ልጅቱ ወንጭፏን እንደያዘች ቁልቁል አየቻት። «ገዛሽኝ?»

«አልገዛሁሽም።»

«ታዲያ ለምን መጣሽ?»

«እናትሽ ናፍቀሻት።»

ልጅቱ ወንጭፏን አስቀመጠችና፣ «እናቴ ምን ትመስላለች?» ብላ ጠየቀች።

ጁሬሊ ነገረቻት። በመንገዱ ሁሉ ስትነግራት ሄዱ። ስትስቅ አፏን እንደምትሸፍን፤ ዳጉሳ ስትወቅጥ በአፍንጫዋ እንደምታንጎራጉር፤ በልጅነቷ ከአሮጊቷ እሜቴ ማሰሮ አሬራ ሰርቃ ለጁሬሊ እንዳመጣችላትና ሁለቱም ጢም አብቅለው እንደተያዙ። ልጅቱ «እሺ፣ ከዚያስ?» እያለች የቀሚሷን ጫፍ ይዛ ትከተላለች። ጁሬሊ አልቅቱን ከእግሯ ትነቅልላታለች። ማታ ልጅቱ ፊት ለፊቷ ባለው ባዶ ቦታ ገብታ ትተኛለች። የልጅ እስትንፋስ አንገቷ ላይ ሲያርፍ ጁሬሊ እንቅልፍ እንቢ ይላታል።

አንድ ጠዋት መንታ መንገድ ላይ ደረሱ። ቀኙ ወደ ሲማልቻውር ይወጣል፤ ግራው ወደ ደቡብ ይወርዳል። ጁሬሊ ቆመች። ወደ ግራ ብታቀና ማን ያውቃል? ልጅቱ አትጠይቅም፤ ሂራማቲም አትሰማም። መሬት፣ ቤት፣ ልጅ። ሐሳቡ መጥቶ ቁጭ አለባት። ከዚያ ፊቷ በእፍረት ጋለና የልጅቱን እጅ ይዛ ወደ ቀኝ፣ ሩጫ በሚመስል እርምጃ ወጣች። «ምነው፣ ማን አባረረን?» አለች ልጅቱ እያለከለከች።

ሂራማቲ ከዛፉ ሥር ነበረች። ልጅቱን ስታይ አልጮኸችም። ተንበርክካ እጇን ዘረጋች። ማይና ዘወር ብላ ከጁሬሊ ኋላ ገባች።

«እናትሽ ናት» አለች ጁሬሊ።

«አንቺ ያልሽኝን አትመስልም» አለች ልጅቱ።

ቀኖች አለፉ፤ የዳሳይን በዓል መጣ፣ ሄደ። ሂራማቲ ያላትን ሁሉ አቀረበች፤ የበቆሎ እሸት ጠበሰች፣ ፀጉርሽን ልሥራልሽ አለች። ልጅቱ በጨዋ ደንብ «አይ፣ እሜቴ» ትላለች። ለእናቷ፣ እሜቴ። አንድ ቀን እሾህ ወግቷት እያነከሰች ከማሳ መጣች፤ ሂራማቲ ደጃፉ ላይ ተቀምጣ ነበር፤ አልፋት ሄዳ እግሯን ለጁሬሊ ዘረጋች። ጁሬሊ እሾሁን ስታወጣ ቀና ብላ የሂራማቲን ፊት አየች።

ያን ዕለት ምንጩ ጋ ጋናቸውን እየሞሉ፣

«ልሄድ ነው» አለች ጁሬሊ። «ቆላው በረደ፤ መንገዱ ተከፈተ። ቀድሜ ሄጄ ቤት እሠራለሁ።»

ሂራማቲ ጋኑን አስቀመጠች። «ዋሽተውኝ አያውቁም ነበር።»

«እኔ እዚህ እያለሁ ወደ እርስዎ አትመጣም።»

ሂራማቲ አልካደችም። ውሃው ጋኑን ሞልቶ ፈሰሰ፤ ማንም አላነሳውም።

«እንዳይጠሉኝ» አለች በመጨረሻ። «ትናንት ሌሊት እርስዎን ታቅፋ ስትተኛ አይቼ… ጠላሁዎት። እርስዎን! አምላክ ይየኝ፣ ሲነጋ ግን እርስዎ ባይኖሩ ምን እሆናለሁ ብዬ ፈራሁ። ሁለቱም እውነት ነው።»

«እኔም መንታ መንገዱ ላይ ልሰርቅብዎ አስቤ ነበር» አለች ጁሬሊ።

ተያዩ። ሂራማቲ እጇን አፏ ላይ አደረገች፤ ልትስቅ ይሁን ልታለቅስ አልታወቀም።

«እሷ ስትጠራኝ እንመጣለን» አለች። «እናቴ ብላ ስትጠራኝ።»

በማግስቱ ማይና ጁሬሊ ጓዟን ስታዝል አይታ ገባት። ተከትላ ልትሮጥ ስትል ሂራማቲ ከኋላዋ አቀፈቻት። ልጅቱ ጮኸች፣ ተራገጠች፣ የእናቷን ክንድ ነከሰች። ሂራማቲ አለቀቀቻትም። ጁሬሊ ዘወር ብላ ማየት አልቻለችም፤ ጩኸቱ ግን ጋራውን ዞራም ደረሰባት። ድሮ ከበሮው በጠፋበት ቀን እንዲህ ቆማ ነበር፤ አሁን ግን ጭስ አልነበረም፣ ያገኛት መንገደኛ ሁሉ ፊቷን አየ።

ደቡብ ስትደርስ ራንቢርን ንዳድ ወስዶታል፤ ሌሎችንም ብዙ። ጥሩ ጥሩው መሬት ተይዟል። ለዘገየ ሰው የቀረው የጫካው ጥግ ነው። ጁሬሊ ዛፍ ቆረጠች፣ ጉቶ ነቀለች፣ ቀርከሃ ሰንጥቃ በጭቃ መረገች። ሌሊት ነብር ሲያጓራ ሣህን እየደበደበች ታድራለች። ጎረቤቷ፣ እንደሷው ነፃ የወጣች ምላሰኛ ሴት፣ በመጣች ቁጥር ትስቅባታለች።

«ብቻሽን ሆነሽ ይህን የሚያህል ቤት ለማነው?»

«ለእህቴና ለልጃችን።»

«ልጃችን? ባልሽ ማነው ታዲያ?»

«እሱማ አላስፈለገንም» አለች ጁሬሊ። ሴትዮዋ ሳቃ ሳቃ ሄደች፤ በማግስቱ ግን ለጣራው ሣር ታግዛት ጀመር።

በመጀመሪያው ክረምት አልመጡም። በበጋው ከተራራው የሚወርዱ ሸካሞችን ሁሉ መንገድ ዳር ወጥታ ጠየቀች፤ አንዱ እንኳ ሲማልቻውርን አያውቅም። ሁለተኛው ዝናብ መጣ፣ ንዳዱም መጣ፤ ጁሬሊ ታመመችና ዳነች። ስቃዥ ማንን እጠራ ነበር ብላ ስትጠይቃት ጎረቤቷ፣ «ስም አልጠራሽም፤ ብቻ ይጠጡ፣ ይጠጡ ትዪ ነበር» አለቻት።

ከዚያ በኋላ በመጣው በጋ፣ ቀትር ላይ፣ ከጫካው መንገድ የልጅ ቁጣ ተሰማ።

«በግራ ነው ብዬሽ ነበር እኮ፣ እማ! መቼም አትሰሚኝም! አሁን ሁለት ጊዜ ዞርን!»

«እሺ፣ እሺ፤ አንቺ ነሽ አዋቂዋ፤ ሂጂ ምሪ» አለ የደከመ ድምፅ።

ጁሬሊ መጥረቢያዋን እንደያዘች ቆመች። ከዛፎቹ መሃል መጀመሪያ ማይና ወጣች፤ ረዝማለች፤ በእናቷ ተናዳ አፏን አሞጥሙጣለች። ከኋላዋ ሂራማቲ ቅርጫቷን አዝላ ብቅ አለች። ቅርጫቱን አወረደች። ሁለቱ እጃቸውን ወደ ግንባራቸው አነሱ፤ ለረጅም ጊዜ አላወረዱትም።

ውሃ ጠጡ። በሉ። ሂራማቲ የሣህኑን ገንፎ ጠርጋ እንደጨረሰች ተነሳች፤ መጥረጊያውን ፈለገች፣ እንጨቱን አየች፣ «ምን ልሥራ?» አለች።

«ምንም። ይቀመጡ።»

«ትንሽ ሣር ልጨድ እንጂ፤ ገና ፀሐይ አለ።»

«ይቀመጡ አልኩዎ።»

ሂራማቲ ምንጣፉ ላይ ተቀመጠች። እጇን የምታደርግበት አጥታ ጭኗ ላይ አኖረችው። ጀርባዋን ግድግዳው ላይ አስደገፈች። ጥቂት ቆይታ ጭንቅላቷ ዘመመ፤ ቀና አደረገችው፤ ደግሞ ዘመመ። ከዚያ ቀስ ብላ በጎኗ ተንሸራተተችና እግሯን ዘርግታ ተኛች።

ማይና እናቷን ትክ ብላ አየቻት፤ እናቷ በቀን ተኝታ አይታት አታውቅም ነበር።

«ላስነሳት?» አለች በሹክሹክታ። «ቀን እኮ ነው።»

«ተያት» አለች ጁሬሊ።

ጎንበስ ብላ ዝንቡን ከሂራማቲ ፊት በእጇ አባረረች። ፀሐይዋ ከደጃፉ ተነስታ የማዶውን ግድግዳ እስክትነካ ድረስ እዚያው ተቀመጠች። ሂራማቲን የቀሰቀሳት ሰው አልነበረም።